የተሽከርካሪ ጉዳትና የተቋረጠ ገቢ በፍርድ ቤት የሚረጋገጡት እንዴት ነው?

የአንባቢያን የሕግ ጥያቄዎችና መልሶቻቸው

ጥያቄ፦ የተከበራችሁ የዝግጅት ክፍል፤ የአዳማ ከተማ ነዋሪና የአንድ ሚኒባስ ታክሲ ባለቤት ነኝ። ባለፈው ዓመት በጥር ወር ሹፌሬ በመንገድ ዳር አቁሞ ተሳፋሪ በማውረድ ላይ ሳለ አንድ አይሱዙ የጭነት መኪና ከኋላ መጥቶ ገጨው። በሰው ላይ የደረሰ ጉዳት የለም። የሚኒባሱ የኋላ አካልና ሻንሲ ግን ክፉኛ ተጎድቶ ጋራዥ ውስጥ 74 ቀን ቆይቷል፤ ለጥገናም 386,000 ብር አውጥቻለሁ። የአይሱዙው ባለቤት ‹‹ኢንሹራንስ አለኝ፣ እዚያ ሂድ›› አለኝ፤ ኢንሹራንሱ ደግሞ ከፊሉን ብቻ ከፈለኝ። መኪናዬ በቀን 3,500 ብር ያስገባ ስለነበር የ74 ቀኑን 259,000 ብር በቀሪው የጥገና ወጪ ላይ ጨምሬ ልከስ አስቤያለሁ። አንድ ወዳጄ ግን ‹‹ገቢህን ማን ያምንሃል?›› ብሎ አስፈራራኝ። ምን ማስረጃ ላቅርብ?

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ ወዳጅዎ ያነሱት ጥርጣሬ ተገቢ ቢሆንም ክስዎ በመጀመሪያ የሚፈተነው በገቢው ላይ አይደለም። ከገቢው አስቀድሞ ለአደጋው ኃላፊው ማን ነው የሚለው ጥያቄ ይነሳል፤ እዚህ ላይ ብዙ ባለንብረቶች የማይጠብቁት አንድ ድንጋጌ አለ።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2081 የአንድ ተሽከርካሪ ባለቤት ተሽከርካሪው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ እንደሚሆን ይደነግጋል፤ በቁጥር 2086 መሠረትም ባለቤቱ ጥፋት አልሠራሁም ወይም የአደጋው መንስኤ አልታወቀም ብሎ ከኃላፊነት ነፃ ሊወጣ አይችልም። ይህ ለእርስዎ መልካም ዜና ይመስላል። ነገር ግን አደጋው የሁለት ተሽከርካሪዎች ግጭት ሲሆን ቁጥር 2084 ይመጣና ሁለቱም ለአደጋው እኩል አስተዋጽኦ እንዳደረጉ ይገምታል፤ በዚህም የተነሳ የጠቅላላው ጉዳት ግማሽ ግማሽ በሁለቱ ባለቤቶች ላይ ይወድቃል። ውጤቱን በቁጥር እንየው። የእርስዎ ጉዳት 400,000 ብር፣ የአይሱዙው ደግሞ 100,000 ብር ነው ብንል፣ ድምሩ 500,000 ብር ይሆናል፤ የእያንዳንዱ ባለቤት ድርሻ 250,000 ብር ስለሆነ እርስዎ ከ400,000ው የሚያገኙት 150,000 ብር ብቻ ይሆናል ማለት ነው። ከዚህ ግምት የሚወጡት አደጋው ሙሉ በሙሉ ወይም በዋናነት በአይሱዙው አሽከርካሪ ጥፋት የደረሰ መሆኑን በማስረጃ ሲያሳዩ ነው።

ስለዚህ የመጀመሪያው ሰነድዎ የትራፊክ ፖሊስ ሪፖርትና ከእርሱ ጋር የሚያያዘው የአደጋው ቦታ ፕላን ነው። ፕላኑን በጥንቃቄ ይመልከቱት። ሚኒባሱ የቆመበት ቦታ ከአስፋልቱ ጠርዝ ምን ያህል ይርቃል? ተሳፋሪ ለማውረድ የተፈቀደ ቦታ ነው ወይስ አይደለም? የአይሱዙው የፍሬን ምልክት ከየት ጀምሮ እስከ የት ይታያል? የተከሳሽ ጠበቃ ይዞ የሚነሳው ‹‹ሚኒባሱ ክልክል በሆነ ቦታ ቆሞ ነበር›› የሚለውን መከራከሪያ ነው፤ ይህ ከተረጋገጠ የእርስዎ ሹፌር ድርሻ ይታሰባል፣ ካሳውም በዚያው ልክ ይቀንሳል። በሰው ላይ ጉዳት ባልደረሰባቸው ግጭቶች አሽከርካሪዎች በመንገድ ላይ ተስማምተው የሚለያዩበት፣ ፖሊስም አጭር ማስታወሻ ብቻ የሚይዝበት ጊዜ አለ። የእርስዎ ጉዳይ እንዲህ ሆኖ ከተገኘ በቦታው የነበሩ ተሳፋሪዎችንና ረዳቱን በምስክርነት መቁጠር፣ በስልክ የተነሱ ፎቶግራፎችም ካሉ ማን፣ መቼና የት እንዳነሳቸው የሚናገር ሰው ማዘጋጀት ያስፈልጋል። አሽከርካሪው በወንጀል ተከሶ በነፃ ተሰናብቶ ቢሆን እንኳ ተስፋ አይቁረጡ፤ በቁጥር 2149 መሠረት የፍትሐ ብሔር ፍርድ ቤቱ በወንጀል ችሎቱ የነፃ መልቀቅ ውሳኔ አይገደድም።

ወደ መኪናው ጉዳት እንምጣ። የቁጥር 2091 መርህ ካሳው ከደረሰው ጉዳት ጋር እኩል መሆን አለበት የሚል ነው፤ አይበልጥም፣ አያንስም። 386,000 ብር ማውጣትዎን ማሳየት ብቻውን በቂ የማይሆነውም ለዚህ ነው፤ ያ ወጪ በዚህ አደጋ ምክንያት አስፈላጊ የነበረ መሆኑም መታየት አለበት። ጥሩ ማስረጃ የሚሰበሰበው መኪናው ከመጠገኑ በፊት ነው፦ የጉዳቱ ዝርዝር በባለሙያ ተጽፎ፣ ከተለያዩ ፈቃድ ያላቸው ጋራዦች ፕሮፎርማ ተሰብስቦ፣ የኢንሹራንሱ ገማችም አይቶት የሚዘጋጅ ሰነድ። ፕሮፎርማ ግን የዋጋ ማቅረቢያ እንጂ የክፍያ ማረጋገጫ አይደለም። ለክፍያው የመለዋወጫ መደብሩ ደረሰኝና የጋራዡ የእጅ ዋጋ ደረሰኝ ያስፈልጋሉ፤ በደረሰኞቹ ላይ የታርጋ ቁጥሩና የተቀየረው ዕቃ በስሙ ቢጠቀስ ይመረጣል። በአንድ መስመር ‹‹ልዩ ልዩ ጥገና፣ 120,000 ብር›› የሚል ደረሰኝ ከተከሳሽ በኩል የመጀመሪያውን ተቃውሞ ይጋብዛል። የተቀየሩትን አሮጌ ዕቃዎች ጥለዋቸው ካልሆነ ያስቀምጧቸው። የተጣመመ ሻንሲ ቁራጭ ወይም የተሰበረ አክስል ጉዳቱን ለማሳየት ከብዙ ቃል ይሻላል፤ ኢንሹራንሱም ብዙ ጊዜ ይጠይቀዋል።

ከኋላ የተገጨ መኪና የፊት ጎማ፣ ክላች ወይም ባትሪ መቀየሩ በሂሳቡ ውስጥ ከተገኘ፣ ዳኛው ‹‹ይህ ከአደጋው ጋር ምን ያገናኘዋል?›› ብለው ይጠይቃሉ። ጋራዥ የገባን መኪና አጋጣሚውን ተጠቅሞ ሌላም ነገር ማሠራት የተለመደ ነው፤ ስህተትም የለበትም። ሂሳቡ ግን መለየት አለበት። ሁለቱን አደባልቆ ማቅረብ ለማይገባዎት ገንዘብ ብለው የሚገባዎትን ጭምር እንዲጠረጠር ያደርጋል።

አሁን የቀረው ወዳጅዎ ያስፈራሩዎት ጉዳይ ነው። 3,500 ብር በ74 ቀን ተባዝቶ 259,000 ብር የሚለው ስሌት ሁለት ችግር አለበት። አንደኛው 3,500 ብር መኪናው የሚያስገባው እንጂ በእርስዎ ኪስ የሚቀረው አይደለም። መኪናው ጋራዥ በቆመባቸው ቀናት ነዳጅ አልጠጣም፣ ዘይት አልቀየረም፣ ጎማ አልበላም፣ የተራ ክፍያም አልከፈለም። ለአብነት ነዳጅ 1,400፣ የሹፌርና የረዳት 900፣ ተራና ጥቃቅን ወጪ 100፣ የዘይት፣ የጎማና የመደበኛ ጥገና ድርሻ 250 ብር ቢሆን ለእርስዎ የሚቀረው 850 ብር ነው። ሁለተኛው፣ መኪናው በሳምንት አንድ ቀን የሚያርፍ ከሆነ ከ74ቱ ቀናት የሥራ ቀን የሚሆኑት 63 ያህሉ ብቻ ናቸው። 63 በ850 ሲባዛ 53,550 ብር ይመጣል። ከ259,000 ብር ጋር ሲተያይ ልዩነቱ ያሳዝናል፤ ነገር ግን ሊከላከሉት የሚችሉት ቁጥር ይህን የመሰለው ነው። ሹፌሩን በሥራ ማቆያ ደመወዝ እየከፈሉ ያቆዩት ከሆነ ያ ወጪ የዳነ ወጪ ስላልሆነ አይቀነስም፤ የከፈሉበትን ሰነድ ያቅርቡ። በአንጻሩ መኪናውን በብድር የገዙ ባለንብረቶች በነዚያ ወራት የከፈሉትን የባንክ ክፍያ ከገቢው ጋር ደምረው ይጠይቃሉ፤ ብድሩ ይከፈል የነበረው ከዚያው ገቢ ስለሆነ ይህ አንዱን ጉዳት ሁለት ጊዜ መጠየቅ ነው።

ገቢውን የሚያሳዩ ማስረጃዎች ከአደጋው በፊት የተዘጋጁ መሆናቸው ወሳኝ ነው። ከአደጋው በኋላ በማኅበሩ የተጻፈ ‹‹በቀን ይህን ያህል ያስገባል›› የሚል ደብዳቤ ክብደቱ አነስተኛ ነው፤ ደብዳቤውን የጻፈው ሰው ቀርቦ ከምን መዝገብ እንዳገኘው ካላስረዳ በስተቀር። የሚሻሉት የስምሪት መረጃ፣ ሹፌሩ በየቀኑ ገቢ ያደረገበት ደብተር፣ የባንክ ሂሳብ ወይም የቴሌብር እንቅስቃሴ፣ ከአንድ መሥሪያ ቤት ጋር የሠራተኛ ሰርቪስ ውል ካለዎት ውሉና የክፍያ ሰነዱ፣ እንዲሁም በመስመሩ ላይ የፀደቀው ታሪፍ ናቸው። ታሪፉ ከወንበር ቁጥርና ከቀን ምልልስ ጋር ተባዝቶ ገቢውን በግምት ያሳያል፤ ሆኖም መኪናው ሁልጊዜ ሙሉ ተጭኖ ይመለሳል ብሎ የሚያምን ዳኛ እምብዛም አይገኝም።

ከሁሉም በላይ የሚፈራው ሰነድ የግብር ማስታወቂያዎ ነው። ተከሳሽ ፍርድ ቤቱን ጠይቆ ከገቢዎች መሥሪያ ቤት ሊያስቀርበው ይችላል። በዓመት የተጣራ ገቢዬ 90,000 ብር ነው ብለው ግብር ከፍለው ከሆነ፣ በ300 የሥራ ቀን ሲካፈል በቀን 300 ብር ነው፤ በዚያ ላይ ቆሞ በቀን 3,500 ብር መጠየቅ ፍርድ ቤቱን ሳይሆን ራስዎን ያስጨንቃል። በእኔ እምነት ይህ ልዩነት ያለበት ባለንብረት ከጅምሩ ከጠበቃው ጋር በግልጽ ተነጋግሮ፣ በሰነድ ሊደግፈው የሚችለውን መጠን ብቻ ቢጠይቅ ይሻለዋል። የዳኝነት ክፍያም የሚታሰበው በጠየቁት መጠን ላይ መሆኑን አይርሱ።

‹‹ትክክለኛው መጠን ካልታወቀስ?›› ለሚለው የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2102 መልስ አለው፦ የጉዳቱን ልክ በእርግጠኝነት ማወቅ በማይቻልበት ጊዜ ፍርድ ቤቱ የነገሮችን መደበኛ አካሄድና ተጎጂው የወሰዳቸውን እርምጃዎች ተመልክቶ በርትዕ፣ ማለትም ሚዛናዊ በመሰለው መጠን፣ ይወስናል። ይህን ድንጋጌ ማስረጃ ላለማቅረብ ምክንያት አድርገው የሚያዩት ሰዎች አሉ፤ አይደለም። ገቢ ስለመቋረጡ የሚያስረዳ ነገር ቀርቦ መጠኑ ብቻ ሲያጠራጥር የሚሠራ ነው። ‹‹የወሰዳቸው እርምጃዎች›› የሚለው ሐረግ ደግሞ የ74 ቀኑን ጉዳይ ይነካል። መኪናው ያን ያህል የቆየው ለምንድን ነው? መለዋወጫው ከውጭ እስኪመጣ ከሆነ የታዘዘበትና የደረሰበት ቀን ያለበት ሰነድ ያቅርቡ። ገንዘብ አጥተው ጥገናው ሳይጀመር ወር ካለፈው፣ ወይም ጋራዡ ሌላ ሥራ ይዞ ካቆየው፣ ፍርድ ቤቱ ለጥገናው በቂ የሆነውን ጊዜ በባለሙያ አስወስኖ ቀሪውን ሊተወው ይችላል። መኪናው የገባበትና የወጣበት ቀን በጋራዡ ማኅተም የተረጋገጠ ወረቀት ያስፈልግዎታል።

ኢንሹራንሱን በሚመለከት፣ በአዋጅ ቁጥር 799/2005 መሠረት የሚገባው የሦስተኛ ወገን መድን በንብረት ላይ ለደረሰ ጉዳት የሚከፍለው በሕግ እስከተወሰነ ጣሪያ ድረስ ነው፤ ከዚያ በላይ ያለውን የመኪናው ባለቤት ራሱ ይሸፍናል። ‹‹እዚያ ሂድ›› ማለቱ ከኃላፊነት አያወጣውም። ባለቤቱን ሲከሱት እርሱ ኢንሹራንሱን በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 43 መሠረት ወደ ክርክሩ ሊያስገባው ይችላል። እኔን የሚያሳስበኝ ግን ከፊሉን ሲቀበሉ የፈረሙት ወረቀት ነው። ገንዘቡን ሲረከቡ የሚፈረመው ቅጽ፣ በተለምዶ ዲስቻርጅ የሚባለው፣ ‹‹ካሳዬን ሙሉ በሙሉ ተቀብያለሁ፣ ከእንግዲህ ምንም አልጠይቅም›› የሚል ከሆነ ክርክርዎ ገና ከመግቢያው ይሰናከላል። ቅጂውን ፈልገው ያንብቡት፤ ማንን ከምን ነፃ እንዳወጣ ቃል በቃል መታየት አለበት።

ጊዜውንም ያስሉ። በሰው ላይ ጉዳት ስላልደረሰ የሚሠራው በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2143 የተመለከተው የ2 ዓመት ይርጋ፣ ማለትም ክስ የማቅረቢያ የጊዜ ገደብ፣ ነው፤ የሚቆጠረውም ጉዳቱ ከደረሰበት ቀን ጀምሮ ነው። ከኢንሹራንሱ ጋር በድርድር ላይ መሆንዎ ቆጠራውን ያቆመዋል ብለው አይተማመኑ።

ጥያቄ፦ የምኖረው ባሕር ዳር ነው። ኮድ 2 የቤት መኪናዬን ሌላ ሰው ገጨብኝ። ሙሉ ሽፋን ያለው ኢንሹራንስ ስለነበረኝ የራሴ መድን ድርጅት አስጠግኖ ሰጠኝ። ከኪሴ የወጣው ተቀናሽ (መድኑ የማይሸፍነው የእኔ ድርሻ)፣ ለአንድ ወር መኪና የተከራየሁበት ገንዘብ እና ከጥገናው በኋላ መኪናው ያጣው ዋጋ ግን አልተከፈለኝም። እነዚህን ከገጪው መጠየቅ እችላለሁ?

መልስ፦ ይችላሉ፤ የጥገናውን ዋጋ ግን ደግመው መጠየቅ አይችሉም። በንግድ ሕጉ ቁጥር 683 መሠረት የከፈለዎት መድን ድርጅት በከፈለው ልክ በእርስዎ ቦታ ተተክቶ ገጪውን የመጠየቅ መብት ያገኛል። እርስዎ ዘንድ የሚቀረው መድኑ ያልሸፈነው ክፍል ነው። ድርጅትዎ በራሱ ክስ ሊመሠርት ስለሚችል ቀድመው ያነጋግሩት፤ በአንድ መዝገብ አብሮ መክሰስ የባለሙያና የምስክር ወጪን ያቀልላል። ከገጪው ጋር በግል ስምምነት ከመፈራረም ግን ይቆጠቡ፤ የድርጅትዎን መብት የሚጎዳ ነገር ከፈረሙ ድርጅቱ ወደ እርስዎ ይዞራል።

ተቀናሹ በመድን ውሉ (በፖሊሲው) እና በደረሰኙ በቀላሉ ይረጋገጣል። የኪራዩ ነገር በሁለት ጥያቄዎች ላይ ይንጠለጠላል፤ መከራየት ያስፈልግዎት ነበር ወይ፣ የተከራዩትስ ከራስዎ መኪና ጋር የሚመጣጠን ነው ወይ። ለሥራ በየቀኑ ከከተማ ውጭ የሚመላለስ ሰውና ቤቱ ከመሥሪያ ቤቱ አጠገብ የሆነ ሰው በዚህ ረገድ እኩል አይታዩም። ሕጋዊ የኪራይ ውልና ደረሰኝ ከሌለ፣ ‹‹ከዘመዴ ተከራየሁ›› የሚለው ቃል ብቻውን ሩቅ አይሄድም። መኪናው ያጣው ዋጋ በመርህ ደረጃ የጉዳቱ አካል ነው፤ ይሁን እንጂ የሚረጋገጠው መኪናው ከአደጋው በፊትና ከጥገናው በኋላ በገበያ የሚያወጣውን ዋጋ አነጻጽሮ በሚናገር ገለልተኛ ባለሙያ ነው፤ ፍርድ ቤቱም በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 136 መሠረት ባለሙያ ሊሾም ይችላል። ቀላል የቀለምና የቦዲ ሥራ ለተሠራበት የቆየ መኪና ይህን መጠየቅ የባለሙያውን ወጪም ላያወጣ ይችላል።

ጥያቄ፦ አዲስ አበባ ውስጥ በስልክ መተግበሪያ ጥሪ እየተቀበልኩ በራሴ መኪና እሠራለሁ። በደረሰብኝ ግጭት ክንዴ ተሰብሮ 4 ወር ሥራ አልሠራሁም፤ መኪናዬም ለ2 ወር ቆመ። የመኪናውን የ2 ወር እና የራሴን የ4 ወር ገቢ በአንድ ላይ ልጠይቅ?

መልስ፦ እግዜር ይማርዎ። ገቢዎ አንድ ነው፤ መኪናውም እርስዎም የምታመጡት ያንኑ ገንዘብ ነው። መኪናው በቆመባቸው 2 ወራት እርስዎም በሕመም ላይ ስለነበሩ የእነዚያን ወራት ገቢ ሁለት ጊዜ መጠየቅ አይቻልም። የሚጠይቁት የ4 ወሩን የተጣራ ገቢ ነው። እንዲያውም መኪናው ተጠግኖ ከወጣ በኋላ በነበሩት 2 ወራት ለሌላ አሽከርካሪ ሰጥተው ያገኙት ገቢ ካለ ይቀነሳል።

በማስረጃ በኩል ከሚኒባሱ ባለቤት የተሻለ ዕድል አለዎት። መተግበሪያው የእያንዳንዱን ጉዞ ቀን፣ ሰዓትና ዋጋ ይመዘግባል፤ ከአደጋው በፊት ያሉትን ወራት ታሪክ ድርጅቱ በማኅተም አረጋግጦ እንዲሰጥዎ ይጠይቁ፤ ከስልክዎ ላይ ፎቶ ከማንሳት ይህ ይሻላል። ከዚያ የድርጅቱን ኮሚሽን፣ ነዳጁንና ሌላውን ወጪ ይቀንሱ። አንድ ጥሩ ወር ብቻ መርጦ ማቅረብ ወዲያው ይነቃበታል፤ ደካማውንም ብርቱውንም ወር አካተው አማካዩን ያቅርቡ።

ለ4 ወሩ ደግሞ ሐኪሙ ከመቼ እስከ መቼ መሥራት እንደማይችሉ የጻፈበት የሕክምና ማስረጃ ያስፈልጋል። በክንድዎ ላይ ቋሚ ጉዳት ከቀረ የሕክምና ቦርድ የጉዳቱን መጠን በመቶኛ እንዲወስን ያድርጉ፤ ወደፊት መድረሱ እርግጠኛ የሆነ ጉዳት እስኪደርስ ሳይጠበቅ እንደሚካስ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2092 ይደነግጋል። የሕሊና ጉዳት ካሳም መጠየቅ ይችላሉ፤ ሆኖም ቁጥር 2116 ጣሪያውን በ1,000 ብር ስለወሰነው፣ ከ1952 ዓ.ም. ወዲህ ገንዘቡ ምን ያህል እንደረከሰ ለሚያውቅ ሰው ይህ መሻሻል ያለበት ድንጋጌ ነው። የእርስዎ ጉዳይ በቸልተኝነት የአካል ጉዳት የማድረስ ወንጀልንም ስለሚያካትት፣ በወንጀል ሕጉ የተመለከተው የይርጋ ጊዜ ከ2 ዓመት የሚረዝም ከሆነ እርሱ ይሠራልዎታል።

ጥያቄ፦ ከሐዋሳ ነው የምጽፈው። መኪናዬን የሰፈር ጋራዥ ውስጥ ያለ ደረሰኝ በጥሬ ገንዘብ አስጠገንኩ፤ ጉዳቱንም ፎቶ አላነሳሁም። አሁን መክሰስ ዋጋ አለው?

መልስ፦ አለው፤ ግን የሚጠይቁትን መጠን ዝቅ አድርገው ነው። የትራፊክ ፖሊስ ሪፖርቱ በመኪናው ላይ የታየውን ጉዳት በአጭሩም ቢሆን ይዘረዝራል፤ መነሻዎ እርሱ ይሁን። መካኒኩን በምስክርነት ይቁጠሩት፤ ምን ፈትቶ ምን እንደቀየረ በዝርዝር ይናገር። መለዋወጫውን ከመደብር ገዝተው ከሆነ ወደ ሱቁ ተመልሰው የሽያጩን ቅጂ ይጠይቁ፤ ገንዘቡን በባንክ አስተላልፈው ከሆነም መግለጫውን ያውጡ። የተበየደ ወይም የተቀጠለ አካል በባለሙያ ዓይን ስለሚታይ መኪናውን ሳይሸጡና ድጋሚ ሳያስቀቡ ያስመርምሩት። ለተሠራ ሥራ ዛሬ ላይ የኋላ ቀን የተጻፈበት ደረሰኝ እንዲሰጥዎ ግን ማንንም አይጠይቁ፤ የደረሰኙ ተከታታይ ቁጥር ሲመረመር ከመጋለጡም በላይ በሐሰተኛ ሰነድ የመገልገል ወንጀል ያስከስሳል።